የቫይኮም መንገድ

በደቡብ ሕንድ በኬረላ ግዛት ቬምባናድ የሚባል ሰፊ ሐይቅ አለ፤ በሐይቁም ምሥራቃዊ ዳር ቫይኮም የምትባል ትንሽ ከተማ ተቀምጣለች። ከወዲያኛው ዳር የሚመጣ ሰው በጀልባ ተሻግሮ ወደ ከተማይቱ ይገባል። ከሚያመላልሱት ጀልባዎች አንዲቱ ከ2017 ዓ.ም. ጀምሮ በፀሐይ ኃይል የምትሄድ፥ 75 ሰው የምትጭን ናት፤ በሕንድ አገርም በዚህ ኃይል መንገደኛ በማሻገር የመጀመሪያይቱ እርስዋ ናት። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመቶችና ወሮች ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።) ተማሪው፥ ዓሣ ሻጭዋ፥ የመንግሥት ጸሐፊውና ተሳላሚው ጐን ለጐን ተቀምጠው ይሻገራሉ። ከወደቡ ወርዶ ጥቂት የተራመደ ሰው ማሃዴቫ ለተባለው አምላክ፥ ይኸውም ለሺቫ፥ የተሠራውን የሂንዱዎች ቤተ መቅደስ ያገኛል። የከተማይቱም ኑሮ ሁሉ በዚህ ቤተ መቅደስ አጥር ዙሪያ ይዞራል።

ገና ሳይነጋ መለከትና ከበሮ ይሰማል። ሰዎች በመቅደሱ ኩሬ ታጥበው፥ ወንዶቹም እንደ አገሩ ልማድ ከወገባቸው በላይ ራቁታቸውን ሆነው፥ ነጭ ሽርጥ አገልድመው በባዶ እግራቸው ይገባሉ። በውጭ አበባ ሻጩ ጉንጉኑን ይጐነጉናል፤ ሻይ አፍዪውም ሻዩን ወደ ላይ እያነሣ ከዕቃ ወደ ዕቃ ይገለብጣል። ከከተማው ወጣ ሲሉ ደግሞ ቢላዋውን በወገቡ የታጠቀ ሰው ወደ ኮኮናት ዛፍ አናት ሲወጣ ይታያል፤ ይህ ሰው ከዛፉ የሚንጠባጠበውን ጭማቂ በእንስራ የሚቀዳና መጠጥ አድርጎ የሚሸጥ ነው። የቫይኮም አምላክ በምእመናኑ ዘንድ «የምግብ ምጽዋት ጌታ» ይባላል። ስለቱ የሠመረለት ሰው በግቢው ግብር ያበላል፤ ሩዙና ወጡ በሙዝ ቅጠል ላይ ይቀርባል፤ ይህም ግብር ፕራታል በተባለ ስሙ በአገሩ ሁሉ የታወቀ ነው።

የከተማይቱ ታላቅ በዓል አሽታሚ ይባላል፤ የሚውለውም በኖቬምበርና በዲሴምበር መካከል ነው። በሂንዱዎች ትረካ እንደሚነገረው፥ የሺቫ ልጅ ሱብራህማንያ ከጠላቱ ከታራካ ጋር ሊዋጋ በዘመተ ጊዜ አባቱ እህል ሳይቀምስ መመለሱን ይጠብቅ ነበር። ስለዚህ በአሽታሚ ሌሊት ከጐረቤቱ መንደር ከኡዳያናፑራም የልጁ ምስል በዝሆን ላይ ተቀምጦ፥ በመብራት ታጅቦ ይመጣል። የአባቱም ምስል እንዲሁ በዝሆን ሆኖ ከውስጥ ወጥቶ ይቀበለዋል። አብረው ጥቂት ከቈዩ በኋላ የመለያየት ሰዓት ሲደርስ ናዳስዋራም የሚሉት ረጅም የእንጨት መለከት የኀዘን ዜማ ያሰማል። አባት ከልጁ ሲለይ እንደሚያይ ሆኖ የሕዝቡ ልብ ይነካል።

እንግዲህ አባት ልጁን ሊቀበል ከደጁ የሚወጣባት ይህች ከተማ፥ ብዙዎችን ልጆችዋን ለረጅም ዘመን ከመንገድ ስታግድ ኖራለች። በመቅደሱ አራት ጐኖች የሚያልፉት መንገዶች የመንግሥት መንገዶች ነበሩ፤ የሚጠረጉትም በሕዝብ ገንዘብ ነበር። ነገር ግን ኤዛቫ የተባሉት ወገኖች፥ ጭማቂ ቀጂዎቹም ከእነርሱ ነበሩ፥ እንዲሁም ከእነርሱ በታች የተቈጠሩት ፑላያዎች ጥላቸው መቅደሱን ያረክሳል ተብሎ በእነዚህ መንገዶች እንዳያልፉ ተከልክለው ነበር። የክልከላውም ሰሌዳ በመንገዱ ዳር ተተክሎ ይታይ ነበር። ወደ ገበያ የሚሄድ ኤዛቫ ከዚያ ሲደርስ ሸክሙን እንደ ተሸከመ ዞሮ በሌላ በኩል ይሄዳል።

ክርስቲያንና እስላም ግን በዚያ መንገድ ያልፉ ነበር፤ ላምና ውሻም ያልፉ ነበር። በኬረላ ከጥንት ጀምሮ ራሳቸውን የሐዋርያው የቶማስ ልጆች የሚሉ ክርስቲያኖች አሉ፤ ከእነርሱም አንዱ ክፍል የማላንካራ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ነው። መንበርዋ ቫይኮም ባለችበት በኮታያም አውራጃ ሲሆን፥ በ1965 ዓ.ም. በአዲስ አበባ በተደረገው የምሥራቅ ኦርቶዶክስ አብያተ ክርስቲያናት ጉባኤ ከኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ጋር አብራ የተቀመጠች እኅት ናት። ስለዚህ የቫይኮም ነገር ለኢትዮጵያ አንባቢ ከሩቅ አገር የመጣ ተረት ብቻ አይደለም። በኬረላ ክርስቲያኖች መካከልም ቢሆን፥ ከፑላያ ወገን የተጠመቁት በብዙ ስፍራ የተለየ ጸሎት ቤት ይሰጣቸው ነበር። ያልተከለከለ ሰው የክልከላውን ሰሌዳ አያነበውም፤ በአጠገቡ እያለፈ የዕለት ሥራውን ያስባል እንጂ።

በ1924 ዓ.ም. ማርች 30 ቀን ሦስት ሰዎች ወደዚያ ሰሌዳ ሄዱ። አንዱ ፑላያ፥ አንዱ ኤዛቫ፥ አንዱም ከከበሩት ከናይር ወገን ነበር። ፖሊሶቹ ወገናቸውን ጠይቀው፥ ናይሩ ብቻ ይለፍ አሉ። እርሱም ከባልንጀሮቹ ተለይቶ አላልፍም አለ፤ ሦስቱም ታሰሩ። በማግሥቱ ሌሎች መጡ፤ እነርሱም ታሰሩ። ይህን ሥራ ያቀኑት ቲ ኬ ማዳቫንና ኬ ፒ ኬሳቫ ሜኖን ወኅኒ በገቡ ጊዜ ከታሚል አገር ኢ ቪ ራማሳሚ ከሚስቱ ከናጋማይ ጋር መጥቶ ስፍራቸውን ያዘ፤ እርሱም ሁለት ጊዜ ታሰረ። በኋላ መንግሥቱ ማሰሩን ትቶ መንገዱን በአጥር ዘጋ። ፈቃደኞቹም በአጥሩ ፊት ተቀምጠው ጥጥ ይፈትሉ ጀመር። በዚያው ዓመት በኬረላ ታላቅ ጐርፍ በመጣ ጊዜም በውኃው ውስጥ ቆመው ስፍራቸውን አልለቀቁም።

ከሰሜን ከፑንጃብ ሲኮች መጥተው ለፈቃደኞቹ የነጻ ማእድ ቤት ከፈቱ፤ የምግብ ምጽዋት ጌታ በሚባለው አምላክ ከተማ የተራቡትን እንግዳ አበላቸው። ጆርጅ ጆሴፍ የተባለ ክርስቲያን ጠበቃም ከመሪዎቹ ጋር ተሰለፈ። ማሃትማ ጋንዲ ግን ማእድ ቤቱ እንዲዘጋ፥ ጆርጅ ጆሴፍም ሥራውን ለሂንዱዎች እንዲተው ጻፈ። አሳቡም፥ በደሉ የሂንዱዎች ስለ ሆነ ንስሐውም የእነርሱ ይሁን ማለት ነበር። ጆርጅ ጆሴፍም በዚያው ወራት ታስሮ ወኅኒ ገባ። የጋንዲ ነገር ጥልቅ ነው፤ ነገር ግን በመንገዱ ሲያልፍ ኖሮ ዝም ያለ ሰው በደሉ እኔን አይመለከትም ለማለት ምን ያህል ይችላል?

ከከበሩትም ወገን ብዙዎች ተነሡ። ማናት ፓድማናብሃን ከቫይኮም እስከ ትሪቫንድረም ድረስ በእግር የሄዱትን መራ፤ መንገዱ እንዲከፈትም 25,000 ያህል ሰዎች የፈረሙበት ልመና ለቤተ መንግሥት ቀረበ። በ1925 ዓ.ም. በትራቫንኮር ሕግ አውጪ ምክር ቤት ነገሩ ለድምፅ ሲቀርብ 21 ሰዎች ደገፉት፥ 22 ሰዎች ተቃወሙት፤ በአንድ ድምፅ ወደቀ። በማርች ወር ጋንዲ ራሱ ወደ ቫይኮም መጥቶ ኢንዳንቱሩቲል ወደሚባለው የብራህማን ቤት ሄደ፤ የዚያ ቤት ባለቤት ከመቅደሱ አለቆች ዋነኛው ነበርና። ጋንዲ ግን ብራህማን ስላልነበረ ወደ ውስጠኛው ቤት አልገባም፤ ውጭ ባለው አዳራሽ ተቀምጠው ተከራከሩ፤ ሳይስማሙም ተለያዩ።

ትግሉ ከ600 ቀን በላይ ቈይቶ በኖቬምበር 1925 ዓ.ም. ሲቆም፥ ሦስቱ መንገዶች ለሁሉ ተከፈቱ፤ የምሥራቁ በር መንገድ ግን እንደ ተዘጋ ቀረ። በ1936 ዓ.ም. ኖቬምበር 12 ቀን የ24 ዓመቱ የትራቫንኮር ንጉሥ ቺቲራ ቲሩናል ባወጣው ዐዋጅ፥ መንገዱ ብቻ ሳይሆን መንግሥቱ የሚያስተዳድራቸው የመቅደሶች ሁሉ ደጅ ለማንኛውም ወገን ሂንዱ ተከፈተ። ከሰሌዳው ይመለስ የነበረው ኤዛቫ ከዚያ ቀን ጀምሮ በኩሬው ታጥቦ ወደ ውስጥ ገባ፤ መቅደሱም አልፈረሰ፥ አምላኩም ከበዓሉ አልቀረ።

ኢንዳንቱሩቲልም ዛሬ የብራህማን ቤት አይደለም። የጭማቂ ቀጂዎች ማኅበር ገዝቶት ጽሕፈት ቤቱ አድርጎታል። ጋንዲ ወደ ውስጥ ባልገባበት ቤት፥ አያቶቻቸው በመቅደሱ መንገድ ሊያልፉ ያልተፈቀደላቸው ሰዎች ወንበር ስበው ስለ ደመወዛቸው ይመካከራሉ።

ይሁን እንጂ ሰሌዳው ከመንገድ ቢነቀልም ከልብ ሁሉ ተነቅሏል ማለት አይደለም። እስከ ዛሬ በሕንድ ጋዜጦች ሙሽራ የሚፈልግ ሰው ማስታወቂያ ሲያወጣ ብዙ ጊዜ ወገኑን ይጠራል። መንገድን ንጉሥ በዐዋጅ ይከፍተዋል፤ ማእድና ጋብቻን ግን እያንዳንዱ ቤት ካልከፈተው የሚከፍተው ዐዋጅ የለም። የቫይኮም ታሪክ የሚያስመሰግነው በአጥሩ ፊት የተቀመጡትን ብቻ አይደለም፤ ይልቁንም «አንተ እለፍ» ሲባል ከባልንጀሮቹ ተለይቶ አላልፍም ያለውን ሰው ያስመሰግናል። እርሱ የቀረበት መንገድ አልነበረም፤ መንገዱም የተከፈተው እንዲህ ያለ ሰው ከታገዱት ጋር ስለ ቆመ ነው።