የአንቀልባው ዛጎል

ለመሆኑ ዛጎልን ማን ሠራው? ደብረ ማርቆስ ያደግን ሰዎች ባሕር ሳናይ ዛጎልን ያወቅነው አንቀልባ ላይ ነው። እናቴ ከእኔ በፊት ሁለት ልጆች ቀብራ ስለነበር የእኔን አንቀልባ ዙሪያውን ዛጎል ሰፋችበት፤ «ከዓይን ይጠብቅልኛል» ብላ።

የዛጎል ባለቤት አጥንት የሌለው፣ ሥጋው ለስላሳ የባሕር ፍጡር ነው። ገላውን የሸፈነው ስስ ሥጋ ከባሕሩ ካልሲየም እየወሰደ፣ ከጥቂት ፕሮቲን ጋር እያዋሐደ፣ ቅርፊቱን ንብርብር በንብርብር ይገነባል። ያው ስስ ሥጋ ወደ ውጭ ወጥቶ ቅርፊቱን ስለሚያለብሰው ነው ዛጎል እንዲያ የሚያብለጨልጨው። የጓሯችን ቀንድ አውጣም ቤቱን የሚሠራው በዚሁ ብልሃት ነው፤ ካልሲየሙን ግን ከሚበላው ቅጠልና ከአፈሩ ያገኛል። ቅርፊቱም ከጠላትና ከበጋ ድርቀት ይጠብቀዋል።

ባሕሩም ቢሆን ለጎጃም ባዕድ አልነበረም። ከደጀን ወደ ዓባይ በረሃ ሲወረድ የሚታየው የኖራ ድንጋይ ከ150 ሚሊዮን ዓመታት በፊት ባሕር ውስጥ የተነጠፈ ነው፤ ቅርፊቶች ዛሬም ድንጋይ ሆነው ይገኙበታል። ባለቤቶቹ ጠፍተው ቤታቸው ቀረ።

ዛጎል የዓሣ ጥርስ ቢመክትም ከሰው እጅ አላመለጠም፤ ያስለቀመው ራሱ ውበቱ ነው። እናቴን ግን በአጉል እምነት አልወቅሳትም። ሁለት የቀበረች ሴት ጠንካራ ነገር ፈልጋ ለስላሳውን ብትከልልበት፣ ከዚያ ፍጡር ብልሃት በምን ይለያል?